የሰንበሌጥ ማርያም የግራ እጅ መስመር

በሰንበሌጥ ማርያም ቤተ ክርስቲያን ሥዕል የሚጀምር ሠዓሊ፣ ቀኝ እጁ የቱንም ያህል የሠለጠነ ቢሆን፣ የመጀመሪያውን መስመር የሚያሰምረው በግራው ነው። መስመሩ ይጣመማል፤ የሚያቃናው ግን የለም።

እንደሚነገረው ነገሩ የተጀመረው በሠዓሊው በአለቃ እንግዳወርቅ ነው። አፈርና ቅጠል ፈጭታ ቀለም የምትበጠብጥላቸው ሚስታቸው ትርንጎ ነበረች። የአገሩ ገዥ ፊታውራሪ ደርበው በድርቅ ዘመን የዘር እህሉን ሳይቀር ከገበሬው ጎተራ አስጭኖ ወስዶ ስንቱን ካስጨረሰ በኋላ፣ ቤተ ክርስቲያኑን በራሱ ወጪ ሊያስል ተነሣ፤ እሱም ከእመቤታችን እግር ሥር ተደፍቶ እንዲሳል አዘዘ። በሥዕል ሕግ ጻድቅ ፊት ለፊት በሁለት ዓይኑ፣ በደለኛ ግን በጎኑ በአንድ ዓይኑ ይሳላል። አለቃም ፊታውራሪውን በጎኑ ሣሉት።

በዚያ ድርቅ የእኅቷን ልጆች የቀበረችው ትርንጎ እንኳ ፈራች።

«አንዲት ዓይን ናት፤ ይስጡትና እንኑር» አለቻቸው።

«ከሰጠሁት፣ ነገ የልጅ ልጅ ጻድቅ መስሎት ይሳለመዋል» አሏት።

ከአንድ የመልአክ ክንፍ በቀር ያለቀው ሥዕል ሊመረቅ ሕዝቡ በተሰበሰበበት ፊታውራሪው ግድግዳውን ሲያይ ቆይቶ፣ «አንተ ደብተራ፣ ሌላውን ዓይኔን የት ጣልከው?» አለ።

«ጌታዬ፣ ፈልጌ አጣሁት።»

ሴቶቹ አፋቸውን በነጠላ ሸፍነው ሳቁ ይባላል። የአለቃ ቀኝ እጅ የተቆረጠው ለዚያ ሳቅ ጭምር ነው።

ቁስሉ ሲጠግግ፣ ያቺው የፈራችው ትርንጎ ከነጠላዋ ጥለት ቀድዳ ብሩሹን በግራ እጃቸው ላይ አሰረችና ሳይጨረስ ወደቀረው የመልአክ ክንፍ መራቻቸው። «ይጨርሱት፤ ቀለሙን በጥብጫለሁ» አለች። ክንፉ ጠመመ፤ ግን አለቀ።

ፊታውራሪውም ዓይኑን የሚጨምርለት ሠዓሊ ከየአገሩ አስመጣ። የመጣው ሁሉ ግድግዳውን አይቶ፣ ብሩሹን በግራው ይዞ፣ «የኔም ቀኝ ተቆርጧል» እያለ ይመለስ ነበር ይላሉ።

አለቃ ካረፉ በኋላ ትርንጎ ብዙ ዘመን ብቻዋን ኖረች፤ ሰንበት በመጣ ቁጥር ከዚያ ከጠማማው ክንፍ ሥር ትቆም ነበር። ቦታው እስከ ዛሬ በሴቶች በር በኩል ነው፤ ክንፉን የሚሳለሙት ብዙዎች በመሆናቸው ጫፉ ለስልሷል። ከበታቹ የተደፋውን ሰውዬ ግን የሚሳለመው የለም፤ ዛሬም በአንድ ዓይኑ ነው።