ማሪሸት፣ የሁለት ደጅ ልጅ

ወይና ደጋው አልቆ ቆላው ሳይጀምር፣ ከገደሉ አፋፍ ላይ ሁለት ደጅ የሚባል መንደር አለ። ቤቶቹ እንደ ሌላው አገር ደጃቸውን ለፀሐይ መውጫ አይሰጡም፤ ጥንድ ጥንድ እየሆኑ፣ በመካከላቸው አንዲት ቀጭን መንገድ ብቻ አስቀርተው፣ ፊት ለፊት ተፋጠው ነው የሚሠሩት። አንዷ ወጥ ስትጨልፍ ሌላይቱ ወጡ መቅጠኑንና መወፈሩን ከደጇ ሆና ታያለች። በዚህ መንደር የበኵር ሴት ልጅ ስም ከሁለት ሴቶች ስም ተቆርጦ ይገጠማል፤ ግማሹ ከወላጅ እናቲቱ፣ ግማሹ ከፊት ለፊት ጎረቤቲቱ። የዘርፌና የሰናይት ልጅ ዘርናይት ትባላለች። ሁሉም ግን አይሰምርለትም፤ የስንዱና የጓዴ ልጅ ስንጓዴ ተብላ ተማሪ ቤት ስትገባ የተሳቀባትን ሳቅ እናቷ እስከ ዛሬ አልረሳችውም። ስለዚህ ግጥሙ ያላማረላቸው ሁሉ ወደ መጀመሪያይቱ ልጅ ስም ይመለሱና ማሪሸት ይላሉ።

የሩቅ ሰው ይህን ስም ሲሰማ ደስ ይለዋል። ማርና እሸት ሁለቱም በአንድ ወራት የሚደርሱ፣ ሁለቱም ልጅ የሚያስቦርቁ ናቸው፤ ስሙም ከአፍ ሲወጣ ይለሰልሳል። ለሠርግ የመጣ እንግዳ «ይህንስ ለልጄ» እያለ ይዞት ይሄዳል፤ የመንደሩ ሴቶችም ፈገግ ይላሉ። ሽማግሌዎቹ እንደሚሉት ግን ይህ ስም ለማማር አልወጣም። በፍርሃት ከሚንቀጠቀጥ አፍ የወጣ ስም ነው።

ዘመኑ በውል አይታወቅም፤ ክብሪት ገና አገር ሳይገባ፣ ምድጃው የጠፋበት ሰው ገል ይዞ ከጎረቤት እሳት በሚጭርበት ጊዜ ነበር ይባላል። በዚያን ጊዜ ማሪቱ የምትባል የደርበው ሚስት በዚህ አፋፍ ላይ ትኖር ነበር። ማሪቱ ሦስት ጊዜ ወልዳ ሦስቱንም ክርስትና ሳታስነሣ ቀብራለች። ሾተላይ አለባት ተባለ። ይህ ቃል አንድ ጊዜ ከወጣ በኋላ ወዳጅ አይተርፍም፤ የሚያጠቡ ሴቶች ማሪቱ በመንገድ ስታልፍ የልጃቸውን ፊት ወደ ደረታቸው ያዞሩ ጀመር፤ ውኃ ስትቀዳም ምንጩን ለብቻዋ ይለቁላት ነበር።

ከፊት ለፊቷ እሸት የምትባል ሴት ትኖር ነበር። እሸት ዓይኗ የማያልፈው፣ ምላሷም የማያሳድር ነበረች፤ የማን ላም ጥጃዋን እንደጠላች፣ የማን ባል ኩርፊያ እንደያዘ ከባለቤቶቹ ቀድማ ታውቃለች። መንደሩ ወሬዋን እየወደደ እሷን አያምናትም። አንለይ የሚባል አንድ ልጅ፣ ያውም ብዙ ዘመን ስትሳል ቆይታ ያገኘችው፣ ገና ጡት ላይ ያለ ነበራት። አንለይ ከተወለደ ወዲህ እሸት በሁለቱ ደጆች መካከል የአጋም አጥር አጠረች። ፍየል ይገባብኛል አለች። ፍየል እንዳልሆነ ማሪቱም ታውቃለች።

እሸት አጥሩን ያጠረችው ያየችውን ስላየች ነው። እንደሚነገረው፣ ማሪቱ በወለደች ቁጥር፣ በቀትር፣ ማንም የማያውቃት ሴት ነጠላዋን ተከናንባ፣ ገል ይዛ ትመጣና «እሳት ልጫር» ትላለች። እሳት ለጠየቀ አይከለከልም፤ ደግ አይደለም። እሳቱን እየጫረች ማን እንደወለደች፣ ልጁም ማን እንደሚባል እንደዋዛ ትጠይቃለች። መጀመሪያ የማሪቱ አማት በኩራት መለሱላት፤ በሁለተኛው የባሏ እኅት፤ በሦስተኛው ደርበው ራሱ። የእገሊት ልጅ እገሌ ተብሎ በሙሉ የተነገራትን ትወስዳለች፤ ያልተነገራትን አትነካም፤ የዋሻትን ሰው ደግሞ የራሱን ልጅ ትወስድበታለች ይባላል። ፍሙን በገሉ ይዛ ቁልቁለቱን ስትወርድ፣ ፍሙ ሳይከስም ሕፃኑ በእናቱ እቅፍ ይቀዘቅዛል።

በቀትር የሰው ሁሉ ጥላ ስለሚያጥር፣ ጥላ ይኑራት አይኑራት የለየ አልነበረም። እሸት ግን እግሯን አየች። ክረምት ነበር፤ መንደሩ በሙሉ እስከ ቁርጭምጭሚቱ ጭቃ ነው፤ የዚያች ሴት እግር ግን ከሙሽራ እግር ይልቅ የጠራ ነበር። እሸት ይህን በየቤቱ ዞራ ተናገረች። ሰዎቹም «እሸት ያወራችው ነው» ብለው ሳቁ። ከዚያ ወዲያ ፍርሃቱን ለብቻዋ ያዘችው።

በአራተኛው ማሪቱ ምጥ የያዛት በነሐሴ ነው። ዕለቱ ፀሐይና ዝናብ አንድ ላይ የወጡበት ነበርና ልጆች በመንገዱ ላይ «ጅብ ወለደች! ጅብ ወለደች!» እያሉ ይሮጣሉ። እሸት ከደጇ ተቀምጣ አንለይን እያጠባች በአጥሩ ቀዳዳ ታይ ነበር። ማርያም ማርያም ሲባል ሰማች። ከዚያ ዝም ተባለ። የሕፃን ልቅሶ አንድ ጊዜ ብቻ ተሰምቶ በጨርቅ እንደታፈነ ቀረ። እልልታ አልተሰማም፤ በዚያ ደጅ እልል ለማለት የሚደፍር አልነበረም።

ጥቂት ቆይቶ አዋላጂቱ እማማ የውብዳር፣ ወገባቸው የጎበጠ አሮጊት፣ አጥሩን በጎን ዞረው ገቡ። ከነጠላቸው ሥር የያዙትን ሳያሳዩ ነው እሸት ያወቀችው።

«እሸትዬ፣ ተቀበይኝ» አሉ።

እሸት ከነልጇ ወደ ኋላ ሸሸች። «እማማ፣ የኔስ? ያቺ ወደዚህ ብትመጣ አንለይን ማን ይይዝልኛል?»

«ያየሻት አንቺ ነሽ። ሌላው ሰው እግሯን አላየም።»

«ሳወራ ስቃችሁብኝ አልነበረም እንዴ?»

«ስቀናል» አሉ አሮጊቲቱ። «አሁን የሚስቅ የለም። እናቲቱ የላከችብሽን ልንገርሽ፤ አጥሩን ስታጥሪ አልተቀየምኩም፣ እኔም ብሆን ይህንኑ አደርግ ነበር በያት ብላኛለች።»

ማሪቱ ተቀይማ ብትሰድባት ለእሸት ይሻላት ነበር፤ በስድብ መካከል እምቢ ማለት ይቀላል። ያን ጊዜ በመንገዱ ላይ የነበረው የልጆች ጩኸት በአንድ ጊዜ ጸጥ አለ። ከታችኛው ቤት ይጮህ የነበረው ውሻ ሆዱን መሬት አስነክቶ ተኛ። በቁልቁለቱ መታጠፊያ ነጠላዋን የተከናነበች ሴት ብቅ አለች። ዝናቡ እየወረደ ነጠላዋ ደረቅ ነበር። በእጇ ገል ይዛለች።

እማማ የውብዳር ሕፃኗን እሸት ጭን ላይ አስቀምጠው ከውስጥ ከእህል ጎታው ኋላ ገቡ። ከዚህ በኋላ ያለው እሳቸው ከጎታው ኋላ ሆነው የሰሙት፣ የቀረውም ሁለቱ ሴቶች የተናገሩት ነው ይባላል። እሸት ሁለቱን ሕፃናት በአንድ ጋቢ ሸፈነች። ሕፃኗ እንደ እርጥብ ጫጩት ተንቀጥቅጣ ጡቷን ፈልጋ ያዘች። እሸት እንድትይዝ አላደረገቻትም፤ ከአፏም አላወጣችባትም።

ሴቲቱ አስቀድማ ማሪቱ ቤት ገባች። እሳት ልጫር አለች፤ ተፈቀደላት። ማን ወለደች አለች፤ ማሪቱ እኔ አለች። ልጅሽስ ስትላት ማሪቱ የነጠላዋን ጫፍ ነክሳ ዝም አለች። ሴቲቱ በባዶው መደብ አጠገብ ጥቂት ቆማ፣ ፍሙን በገሉ ይዛ ወጣች። አጥሩን አልዞረችውም። እንዴት እንዳለፈችው እሸት አላየችም፤ ያን ጊዜ ብቻ ዓይኗ ጠፋባት።

«እንደምን ዋልሽ፣ እሸት» አለች ከደፉ ላይ ቆማ።

እሸት ስሟን ነግራት አታውቅም። «እግዚአብሔር ይመስገን» አለች፤ ድምጿ ግን የሌላ ሰው ነበር።

«የምታጠቢያቸው ሁለት ናቸው።»

«ሁለት ናቸው።»

«ወንዱን አውቀዋለሁ። አንለይ ነው። ያንቺ ነው። ሴቲቱ የማን ናት? ማን ትባላለች?»

የልጇን ስም በየምንጩና በየገበያው ስታወራ የኖረችው ራሷ እሸት ናት፤ ለማን እንዳልተናገረች አሁን አታስታውስም። የኔ ናት ብትል ውሸት ነው፤ አንለይ ይሄዳል። የማሪቱ ናት ብትል እውነት ነው፤ አንለይ ይቀራል፤ ይቺ ትሄዳለች። ደግሞም እውነት መናገር ኃጢአት አይደለም ብላ አሰበች፤ ማንም አይፈርድባትም፤ ማሪቱ እንኳ ትፈርዳለች ብላ አልገመተችም። እሸት አፏን ከፈተች።

«ማሪ...» አለች።

የሴቲቱ እጅ ወደ ጋቢው ተዘረጋ። የሕፃኗ እግር በእሸት ሆድ ላይ እንደ ክረምት ድንጋይ ቀዘቀዘ። በዚያች ቅጽበት ከሴቲቱ ትከሻ በላይ የአጋሙ አጥር ሲነቃነቅ እሸት አየች። ማሪቱ፣ ከወለደች ገና ውኃ ሳትቀምስ፣ በጉልበቷ እየዳኸች መጥታ እሾሁን በባዶ እጇ ትለያይ ነበር። አልጮኸችም። በቀዳዳው አንድ ዓይኗ ብቻ ይታያል፤ ከእጇ ደም ይንጠባጠባል።

«...ሸት» አለች እሸት።

የተዘረጋው እጅ ቆመ።

«ማሪሸት?»

«ማሪሸት ትባላለች።»

«የማን ናት?»

«የሁለት ደጅ ናት። አንዱን ጡት ከኔ ይዛለች፣ ይኸው እያየሽው ነው፣ አልዋሸሁም። ግማሿ እዚህ ነው። ግማሿን እዚያ ጠይቂ።»

ሴቲቱ ተመልሳ መንገዱን ተሻገረች። ማሪቱ ሰምታ ነበርና፣ ግማሿ እዚህ ነው፣ ግማሿን እዚያ ጠይቂ አለቻት። እንደገና ወደ እሸት መጣች፤ እሸትም ያንኑ መለሰች። እንዲህ ከደጅ ደጅ ስትመላለስ ዝናቡ በገሉ ላይ ይወርድ ነበር፤ ፍሙ ሽው ይላል፣ ይጠቁራል፣ እንደገና ይቀላል። በመጨረሻው መሻገሪያ ላይ፣ ከሁለቱ ደጆች እኩል ቦታ፣ ፍሙ እንደ እባብ ፉጨት ድምፅ አሰምቶ ከሰመ። ሴቲቱ ገሉን እዚያው መሬት ላይ አስቀመጠችና ቁልቁለቱን ወረደች። እሸት የሴቲቱን እግር አየች። እስከ ቁርጭምጭሚቱ ጭቃ ነበር።

ሕፃኗ ሞቀች። ነገር ግን ሴቲቱ ባዶ እጇን አልሄደችም የሚሉ አሉ፤ ማሪሸት የያዘችው የእሸት ግራ ጡት ከዚያ ቀን ጀምሮ ደርቆ ቀረ። አንለይ በአንዱ ጡት ብቻ አልጠግብ ብሎ ሲያለቅስ ማሪቱ በፈረሰው አጥር በኩል መጥታ አቀፈችውና አጠባችው። እሱም የሁለት ደጅ ልጅ ሆነ። እልልታውንም ያሰማችው እሸት ናት ይባላል፤ ከራሷ ደጅ ሆና፣ ያቺ ከቁልቁለቱ ብትሰማ ወላጂቱ ከወዲህ ትሁን ከወዲያ እንዳታውቅ። በማግስቱ የጥየቃ ገንፎ የያዙ ሴቶች ተሳስተው እሸት ቤት ገቡ። ማንም ወደዚያ ሂዱ አላላቸውም።

ዛሬም በሁለት ደጅ ሴት ልጅ ስትወለድ እልልታው ከፊት ለፊት ቤት ነው የሚሰማው፤ የሩቅ ዘመድም ሁልጊዜ ገንፎውን ተሳስቶ ለጎረቤቲቱ ያቀርባል፤ እሷም አራስ ሳትሆን ትበላለች። በሁለቱ ደጆች መካከል ገል ይቀበራል። በቀትር እሳት የሚያበድር የለም፤ ባለ ሱቋ ባንቺአየሁ እንኳ በዚያ ሰዓት ሳሙና ትሸጣለች እንጂ ክብሪት አትሸጥም። የጤና ጣቢያዋ ልጅ ሾተላይ የደም አለመስማማት ነው፣ መርፌ አለው ትላለች። ሴቶቹም እውነትሽን ነው ብለው መርፌውን ይወጋሉ፤ መንገዱን ተሻግረውም የጎረቤታቸውን ስም ግማሽ ይለምናሉ።

አንድ ነገር ግን ለእንግዳ አይነግሩም። ማሪሸት አትቆላመጥም። ስሟ ከመካከሉ አይቆረጥም፤ በአንድ ትንፋሽ ይጠራል።

ባለፈው ክረምት ከከተማ የመጣች ምራት ይህን አላወቀችም። ቀትር ነበር፤ ፀሐይና ዝናብ ተደባልቀው ልጆች ጅብ ወለደች እያሉ ይጫወታሉ። ምራቲቱ ከደጅ ወጥታ እጇን እያርገበገበች «ማሪ! ነይማ፣ ማሪዬ!» ብላ ትንሿን ማሪሸትን ጠራች። ልጆቹ ዝም አሉ። ከወዲህ ደጅ ስንዴ ትለቅም የነበረች አሮጊትና ከወዲያ ደጅ ጥጥ ትፈትል የነበረች አሮጊት፣ ቀና ሳይሉ፣ እኩል «ሸት» አሉ።

ምራቲቱ ደንግጣ ምን አጠፋሁ ብትል፣ ባለ ጥጧ አሮጊት በመንገዱ ላይ የቆመውን ሰው ሁሉ እግር አንድ በአንድ አየች። ሁሉም ጭቃ ነበር።

«ምንም አላጠፋሽ፣ ልጄ» አለቻት። «ስትጠሪያት ጨርሺው።»