ሐመዱና የቀላው ባሕር

ተረት ይዤ መጥቻለሁ፤ ጆሮ ያላችሁ ልጆች ቅረቡኝ። እንቅልፍ የያዘው ይተኛ፣ ወሬ የያዘው ይዋጠው።

በድሮ ዘመን፣ ፀሐይዋ በምትበረታበት የባሕር ዳር አገር፣ ሐመዱ የሚባል ዓሣ አጥማጅ ነበር። ክንዱ እንደ ግንድ ነው። ጀልባው ቤት ታክላለች። ብቻውን መረብ ሲጎትት መንደሩ ሁሉ የጎተተው ይመስላል። ሐዋ የምትባል ጥሩ ሚስት አለችው። ልጆች አሉት። ምን ጎደለው? ምንም አልጎደለውም። ግን ጎረቤት ነበረችው።

ጎረቤቱ አሲያ ትባላለች። ባሏን ባሕር የወሰደባት ሴት ናት። ጀልባዋ ትንሽ፣ መረቧ የተጣጣፈ ነው። ነገር ግን ዓይኗ ንቁ ነው። ወፎቹ ወዴት እንደሚበሩ ታያለች፤ የውኃውን ቀለም ታያለች፤ ከዚያ በኋላ መረቧን ትጥላለች። ስለዚህ ባዶ እጇን ገብታ አታውቅም።

ሐመዱ ከባሕር ሲመለስ የራሱን ጀልባ ሳያራግፍ የአሲያን ቅርጫት ሊያይ ይሄዳል። የእሱ ዓሣ ብዙ ነው፤ የእሷ ጥቂት ነው። እሱ ግን «የሷ ይሰባል» ይላል። ቤቱ ገብቶ ምሳ ሲቀርብለት ዓሣው አመድ አመድ ይለዋል።

«የልጆቼ አባት፣ የቀረበልህን ብላ እንጂ» ትለዋለች ሐዋ።

«እንዴት ልብላ? የሷን አየሽው?»

«አላየሁም። እኔ የኛን ሳይ ነው የዋልኩት።»

አሲያ በትልቁ ቋጥኝ ሥር ታጠምድ ነበር። ሐመዱ ቀናና መጣ። ትልቋን ጀልባ በትንሿ ላይ እየገፋ «ቦታው የኔ ነው፣ ሂጂ!» አላት። ሄደች።

በጨው ውኃ ውስጥ ከሚበቅሉት ዛፎች አጠገብ አጠመደች። እዚያም ዓሣ አገኘች። ሐመዱ ቀናና መጣ። «ይህም የኔ ነው፣ ሂጂ!» አላት። ሄደች።

ከመንደሩ ጀርባ ወዳለችው ጠባብ ወሽመጥ ገባች። እዚያ ድንጋዩን ሁሉ ዛጎል ሸፍኖታል፤ በዛጎሉ ውስጥ ያለው ሥጋ ይጣፍጣል። ሐመዱ ቀናና መጣ። «ይህም የኔ ነው፣ ሂጂ!» አላት።

«ወንድሜ ሐመዱ፣ ባሕሩ እኮ ሰፊ ነው» አለችው።

«ሰፊ ከሆነ ሌላ ፈልጊ!»

እሷም ሄደች። ወሽመጧ የሐመዱ ሆነች።

ከዚህ በኋላ ነፋስ ጠፋ። ሙቀቱ በረታ። ባሕሩ እንደ ተኛ ሰው ዝም አለ። አንድ ማለዳ አሲያ ከገደሉ ላይ ሆና ቁልቁል ብታይ፣ የወሽመጧ ውኃ እንሶስላ የተዘፈዘፈበት መስሎ ቀልቷል። ትንንሾቹ ዓሦች ሆዳቸውን ወደ ሰማይ ሰጥተው ይንሳፈፋሉ። ሸርጣኖቹ ውኃውን ጥለው ወደ ደረቁ ምድር ይወጣሉ። ከሞተው ዓሣ የበላ አንድ ነጭ ወፍ እንደ ሰካራም ዞረና ወደቀ። አንዲት ዶልፊን ደግሞ የሞተ ግልገሏን በአፍንጫዋ ወደ ላይ እየገፋች፣ ይተነፍስ እንደሆነ ትጠብቃለች። ገፋችው። ጠበቀች። እንደገና ገፋችው። አሲያ ይህን ስታይ እንባዋ መጣ። ከውኃው የሚነሣው ሽታ ጉሮሮዋን ቧጠጣት፤ እያሳለች ወደ ሐመዱ ቤት ሮጠች።

«ሐመዱ! ውኃው ታሟል። ከወሽመጧ አትብላ፤ ለልጆችህም አታብላ!»

ሐመዱ ሳቀ። «ቀናሽ! አሁን ገና ቀናሽ! ቦታው የኔ ሲሆን ውኃው ታመመ?» አለና ቅርጫቱን ተሸክሞ ወረደ። ዓሣው ያለ መረብ በእጅ የሚታፈስ ሆኖ አገኘው። ዛጎሉንም እየፈለቀቀ ሰበሰበ። «ይህን ልታስቀርብኝ ነበር» እያለ ሞላ።

አሲያ ወደ መንደሩ ሽማግሌ፣ ወደ ሼህ ያሲን ሄደች። «ሼህ፣ እኔን አልሰማ ብሏል፤ አንቱ ንገሩልኝ» አለቻቸው። ሼህ ያሲን ምርኩዛቸውን ይዘው መጡ።

«ልጄ ሐመዱ፣ ይህ ነገር በአባቶቻችን ዘመንም ነበር። ሙቀት ሲበዛ፣ ነፋስ ሲጠፋ፣ ዓይን የማያየው የውኃ ሣር ይፈላል። ውኃው የሚቀላው በሱ ነው። ዛጎሉ ያንን ሣር ይጠጣል። ዛጎሉ አይሞትም፤ የሚሞተው ዛጎሉን የበላ ነው።»

«እቀቅለዋለሁ» አለ ሐመዱ።

«እሳት ነፍስ ያለውን ይገድላል እንጂ መርዝ አይገድልም።»

«አንቱንም አሳመነችዎት!» አለና በሩን ዘጋ።

የመንደሩ ሰው የሼሁን ቃል ሰምቶ እጁን ሰበሰበ። ሐመዱ ብቻ ድስቱን ጣደ።

ያኔ ሐዋ በጓሮ በኩል ወደ አሲያ መጣች። ነጠላዋ ከትከሻዋ ወድቋል።

«እህቴ፣ ድመታችን ከዛጎሉ ሥጋ ቀመሰች፤ እግሯ ከዳት፣ ትንፋሿ ጠፋ። አሳየሁት። ‹አሲያ ያስደገመችብኝ ድግምት ነው› አለኝ። ለምሳ ልጆቹን ሰብስቢ ብሎኛል። ድስቱን ልደፋ ብል በጉልበት አልችለውም። ምን ይሻለኛል?»

አሲያ አሰበች። ቃል ሞከረች፤ አልሠራም። ሽማግሌ ሞከረች፤ አልሠራም። «ይህ ሰው የማይሰማው ነገር ብዙ ነው። የሚሰማው ግን አንድ ነገር አለ» አለች በልቧ።

«ሐዋ፣ ቤትሽ ግቢ። እንሂድ ሲልሽ እሺ በዪው» አለቻት።

ከዚያ ከቋጥኙ ጀርባ ሄዳ ቅርጫቶቿን ድንጋይ ሞላች። በእርጥብ ሰሌን ሸፈነቻቸው። ጀልባዋ ከክብደቱ የተነሣ ልትሰጥም ደረሰች። ባሕሩ መካከል ካለው ሩቅ ደሴት የመጣች መስላ በሐመዱ ደጅ ፊት ለፊት ቀዘፈች። እልልታዋን አቀለጠችው።

ሐመዱ እልልታውን ሰማ። ማማሰያውን ጥሎ ወጣ። ጀልባዋ ምን ያህል እንደከበደች አየ።

«አሲያ! ምንድን ነው የጫንሽው?»

«ምንም አይደለም!» ብላ ሰሌኑን በሁለት እጇ ጫን አደረገች።

«ከየት ነው?»

«ከየትም!»

ቅርጫቶቹን እየተንገዳገደች ቤቷ አስገባች። ባዶ ቅርጫት ይዛ ወጣች። ደግማ ወደ ሩቁ ደሴት መቅዘፍ ጀመረች፤ እየቸኮለች፣ ወደ ኋላ እየተገላመጠች።

ከዚህ በላይ ሐመዱ አልቻለም። «ሐዋ! ልጆቹን ወደ ጀልባ! ቅርጫት የተባለውን ሁሉ ጫኚ! ሁላችንም ነው የምንለቅመው፣ ቀድማን ልትጨርሰው ነው!»

«እሺ» አለች ሐዋ። «ምሳውስ?»

«ምሳው ይቅር!»

ሊወጣ ሲል ግን ቆመ። ድስቱን አየው። «እኔ ከሄድኩ ሌላ ሰው ገብቶ ሊበላልኝ ነው» አለ። ሐዋ እጁን ያዘችው፤ ገፈተራት። ከዛጎሉ ሥጋ በእጁ እየዘገነ ጎረሰ። ሁለተኛ ሊዘግን ሲል ከባሕሩ የአሲያ እልልታ ተሰማ፤ ትቶት ሮጠ። ሐዋ የቀረውን አሸዋ ውስጥ ቀብራ ተከተለችው።

ሐመዱ ቀዘፈ። ትልቋ ጀልባ ትንሿን ልትደርስባት ተቃረበች። ያኔ ከንፈሩን ጉንዳን የወረረው መሰለው። ቀጥሎ ምላሱ ከበደ። ቀጥሎ ጣቶቹ መቅዘፊያውን አልሰማ አሉ። ያ እንደ ግንድ የነበረ ክንድ እንደ እርጥብ ገመድ ተዝለፈለፈ። ሐመዱ ጀልባው ውስጥ ተዘረረ። ዓይኑ ያያል፤ አፉ አይናገርም። ልጆቹ ጮኹ።

አሲያ ጩኸቱን ሰምታ ተመለሰች። ገመድ ወርውራ ትልቋን ጀልባ ከትንሿ ጋር አሰረች። ሐዋም አንዱን መቅዘፊያ፣ ታላቋ ልጅ ሌላውን ያዙ። ደሴቱ ከመንደሩ ይቀርባቸው ነበርና እያለቀሱ ወደዚያ ቀዘፉ፤ እየቀዘፉ ደረሱ።

በሩቁ ደሴት ውኃው ሰማያዊ፣ ነፋሱ ንጹሕ ነበር። ሐመዱን አሸዋ ላይ አስተኙት። ትንፋሹ እየተቆራረጠ ሲሄድ ሐዋ አፏን ባፉ ላይ አድርጋ ትንፋሿን ሰጠችው። ስትደክም አሲያ ልጆቹን ለሐዋ ትታ ራሱን በጉልበቷ ላይ ደገፈች፣ ደረቱን አሸች፣ «በርታ ወንድሜ» አለችው። መሸ፤ ነጋ። አሲያ በሕይወት ያለ ዓሣ አጥምዳ ልጆቹን አበላች። ሐመዱ ተጋድሞ ልጆቹ ከአሲያ እጅ ሲጎርሱ ያያል። ያ ጉርሻ ከመርዙ በላይ መረረው።

ምላሱ ሲፈታ መጀመሪያ ያወጣው ቃል ምን ይመስላችኋል? ምስጋና እንዳይመስላችሁ!

«ያ... የጫንሽው... የት አለ?» አለ።

«ቤቴ ነው። ድንጋይ ነው» አለችው።

«ድንጋይ?»

«እኔ ነገርኩህ፣ አልሰማህም። ሼሁ ነገሩህ፣ አልሰማህም። ቅናትህን ብጠራው እሱ ሰማኝ።»

ሐመዱ ፊቱን ወደ አሸዋው አዞረ።

ቆይቶ ነፋስ ተመለሰ፤ ዝናብም ጣለ። ባሕሩ ቀስ በቀስ ጠራ። ወሽመጧ ግን ቶሎ አልዳነችም። ዳርቻዋ በኤሊ ቅርፊትና በወፍ አጥንት ተሞልቶ ከረመ። ያቺ እናት ዶልፊንም ዳግመኛ አልታየችም።

ሼህ ያሲን ሽማግሎቹን ሰብስበው ፈረዱ። ቋጥኙ ለአሲያ ተመለሰ። የዛፎቹ ጥግ ተመለሰ። የሐመዱ ክንድ እንደ ድሮው መቅዘፍ ስላልቻለ፣ ትልቋን ጀልባ አሲያና ሐዋ እንዲይዟት፣ ዓሣውንም እኩል እንዲካፈሉ ተባለ። ሐመዱስ? ከዳር ተቀምጦ የአሲያን መረብ እንዲጠግን ተፈረደበት።

ቅናቱ ለቀቀው ወይ? ልጆቼ፣ ቅናት እንደ ትኩሳት በአንድ ላብ አይወርድም። ከሩቅ አገር የመጡ ነጋዴዎች «ጥሩ ዓሣ ማን ዘንድ ይገኛል?» ብለው ሲጠይቁት «አሲያ ዘንድ» ማለት ነበረበት። የመጀመሪያ ጊዜ ዓይኑን ከመረቡ ሳያነሣ ተናገረው። ሁለተኛ ጊዜ ቀለለው። በሦስተኛው ተነሥቶ ቤቷ ድረስ አደረሳቸው።

ለዚህ ነው የባሕር ዳር ሰዎች እንዲህ የሚሉት፦ የሰው ሲሳይ የሚያይ፣ የራሱን ሞት አያይ።

ተረቴ አለቀች፣ ከእናንተ ዘንድ ቀረች።