ባለ መርከቡ ጉማሬ

«ተረት ተረት» ስላችሁ «የደንገል ቤት» በሉኝ።

በአንድ ሐይቅ ውስጥ ክብር የሚወድ ጉማሬ ነበር። «እኔን የመሰለ ጌታ እንደ ተራ እንስሳ ይዋኛል?» አለና ብልሃተኛዋን ጦጢትን ጠርቶ፣ «አልጋው እንደ እኔ ሰፊ፣ ሰገነቱም ከፍ ያለ የደንገል መርከብ ሥሪልኝ» ብሎ አዘዛት።

መርከቡ የተመረቀ ዕለት ዳክዬዎችን ጋብዞ በኩራት ተሳፈረ። ቀዛፊዎቹ ዝንጀሮዎች ቢለፉ ቢለፉ መርከቡ ንቅንቅ አላለም።

«ጌታዬ፣ ይህን የሚገፋ ጉልበት ያለው በሐይቁ ውስጥ አንድ ብቻ ነው» አለች ጦጢት።

«ታዲያ ጥሪልኛ!»

«እርስዎ ነዎት።»

ጉማሬ እያፈረ ውሃው ውስጥ ገብቶ በግንባሩ ይገፋ ጀመር። ዳክዬዎቹ አልጋው ላይ ተንጋለው፣ «ባለቤቱ የት ገቡ?» ሲባባሉ ሰማና ውሃ እስኪያንቀው ሳቀ።

«ከታች ነኝ» አለ፤ «ወዴት ላድርሳችሁ፣ ጌቶቼ?»