የአህያ ጆሮ የክርስትና ስም

፦ ተረት ተረት!
፦ የላም በረት!
ኧረ ጮክ በሉ፤ ላሚቱ እንኳ አልሰማቻችሁም!
፦ የላም በረት!
እህ፣ እንዲያ ነው እንጂ።

በድሮ ዘመን ዕፅዋት እግር ነበራቸው። መድኃኒት የፈለገ ሰው ዱር ለዱር አይንከራተትም ነበር። ከደጁ ቆሞ በስማቸው ይጣራል። እነሱም «አቤት!» ብለው ሥሮቻቸውን ሰብስበው ይመጣሉ። በዚያ ዘመን ድንበሩ የሚባል ገበሬ ነበረና ሚስቱን ዘርፌን ከዓይኑ ብሌን አስበልጦ ይወዳት ነበር። በሬዎቹ ሳይቀሩ ይቀኑባት ነበር፤ ውሸት ካልኩ ምላሴ ይቆረጥ!

አንድ ቀን የዘርፌ እናትና አባት ሊጠይቋቸው መጡ። ድንበሩም እንግዶቹን ላክብር ብሎ ሽሮውን ራሱ ሠራና በርበሬውን በቁና ጨመረበት። የዘርፌ እናት፣ እመይቴ ስኂን፣ አንዴ ጎረሱና ስቅ አላቸው። ስቅታው ግን እንደ እኔና እንደ እናንተ ስቅታ አይምሰላችሁ። ስቅ ሲሉ የጣሪያው ሣር ይነቀላል። ስቅ ሲሉ ጋኑ ዘሎ ከደጅ ይወጣል። ስቅ ሲሉ በሩቅ መንደር ያሉ ዶሮዎች ያለ ቀናቸው እንቁላል ይጥላሉ። «ሰው ስማቸውን እያነሣ ይሆናል» ተባለና አገሩ ሁሉ አፉን በእጁ ያዘ። ስቅታው ወይ ፍንክች!

ከዚያም የዘርፌ አባት፣ አያ ውብነህ፣ ከዘራቸውን አነሡ።
፦ ስማ አንተ! እስከ ፊታችን ገበያ ካላዳንካት ልጄን ይዤ እሄዳለሁ። ሚስቴን በበርበሬ ገድለህ ልጄን ልታስቀር?

ድንበሩ ወንዝ ተሻግሮ ወደ ባለ መድኃኒቱ ወደ አባ ክንፉ ሮጠ።
፦ የአህያ ጆሮ የሚባለውን ቅጠል ቀቅለህ አጠጣቸው፣ አሉት።

ተመለሰና ከደጁ ቆሞ ተጣራ፦
፦ የአህያ ጆሮ!
፦ አቤት!

አቤት ያለው አንድ አልነበረም፤ ኮረብታው በሙሉ ነው! ቆላ የአህያ ጆሮ የሚለው ሌላ፣ ደጋ የሚለው ሌላ፣ ወንዝ ማዶ የሚለው ሌላ። ሰፊው፣ ጠጉራሙ፣ ሐረጉ፣ እሾሃሙ እየተጋፋ መጣ። በመጨረሻ አንዲት እውነተኛ አህያ መጣችና፦
፦ ምነው፣ ጆሮዬ ለምን ተፈለገ? አለች።

ድንበሩ ከፊት የቆመውን ጠጉራሙን ቀቀለና አጠጣ። እመይቴ ስኂን እስከ እምብርታቸው ጢም አበቀሉ። ስቅታው ጢሙን እያወዛወዘ ቀጠለ። ደንግጦ ሐረጉን ቀቀለ። አሁን ደግሞ በስቅታና በስቅታ መካከል እንደ አውራ ዶሮ ይጮኹ ጀመር። አያ ውብነህ በቅሎአቸውን መጫን ጀመሩ።

ድንበሩ ወንዙን ዘሎ ተሻገረ።
፦ አባ፣ የትኛውን ነው ያሉኝ? የአህያ ጆሮ እንደ ጉንዳን ነው!
፦ አዬ ልጄ! የአህያ ጆሮማ የሰፈር ስሙ ነው። ጆሮ የሚመስል ቅጠል ያየ ሰፈር ሁሉ ያንን ስም ያወጣል። የክርስትና ስሙን ያዝ። እሱ በግዕዝ ነው፣ የገበያ አፍ አይለውጠውም። መጀመሪያ ዘሩ ይጠራል፣ ቀጥሎ የራሱ። ጢም ያበቀለው ሣዕረ ጽሕም ነው። ያስጮኸው ሐረገ ዶርሆ ነው። ያንተ መድኃኒት ሐመልማለ አርምሞ ነው፤ የዝምታ ቅጠል እንደ ማለት።

ድንበሩ እየፈነጠዘ ተመለሰና ጮኸ፦
፦ ሐመልማለ አርምሞ!

ዝም። ቅጠል አልተነቃነቀም።
፦ እባካችሁ፣ ከእናንተ መካከል የክርስትና ስሙ እንዲህ የሆነ ማነው?
፦ ጉድ በሉ! አለ እሾሃሙ። የክርስትና ስማችንን በአደባባይ ንገሩኝ ይለናል! ለአስማት ደጋሚ ሊሰጠን ነው?
፦ የእናቱን የክርስትና ስም ይነግረን እንደሆነ ጠይቁት እስቲ! አለ ሌላው።

እውነታቸውን ነው። የክርስትና ስም እንደ ገላ ነው፤ ይሸፈናል። ዕፅዋቱም ተቆጥተው ወደ ኮረብታቸው ተመለሱ። ድንበሩ ደጃፉ ላይ ተቀምጦ አለቀሰ። ዘርፌ ልብሷን እየሸከፈች ሳለ ቆም አለች።
፦ አንተ ሰው፣ የክርስትና ስም ጮክ ተብሎ የሚጠራው መቼ ነው?
፦ ሰው ሲሞት ነዋ፣ በፍትሐቱ ጊዜ።
፦ እንግዲያው ምን ትጠብቃለህ? ሞተ በላ!

ወዲያው ጡሩምባ ተነፋ። ባዶ ቃሬዛ ጋቢ ለብሶ ወጣ። ዘርፌም ነጠላዋን አዘቅዝቃ ሙሾ አወረደች፦

«ሐመልማለ አርምሞ፣ ምነው ጨከንክብን፣
ሥርህ ሳይጠወልግ ጥለኸን ሄድክብን!»

የጎረቤት ለቅሶ እንዴት ይቀራል? ኮረብታው ሁሉ ወረደ። ሁሉም ደረቱን ሲደቃ፣ ከኋላ የቆመ አንድ ትንሽ አመዳም የአህያ ጆሮ ክው ብሎ ቀረ።
፦ ኧረ ሐመልማለ አርምሞማ እኔ ነኝ! ሞቼ ኖሯል?
፦ አዎ፣ ነፍስህን ይማር፣ አለችው ዘርፌ።
፦ ወይ ጉድ! መቼ?
፦ ዛሬ ጠዋት።
፦ እኔ ደግሞ ከጠዋት ጀምሮ ምን እንዲህ ደከመኝ እላለሁ!

ይህን አለና ቃሬዛው ላይ ወጥቶ ተጋደመ።
፦ ከሞትኩ ወዲያ ቅጠል ምን ይሠራልኛል? ውሰዱት። ብቻ ለቀስተኛውን በደንብ አብሉልኝ።

ድንበሩ ቀቀለ፤ እመይቴ ስኂን ጠጡ። ጩኸቱ ቆመ። ስቅታው ቆመ። ጋኑም ወደ ቤቱ ተመለሰ። አያ ውብነህ በቅሎአቸውን አራገፉ። ዘርፌም ልብሷን መልሳ ሰቀለች። ድንበሩ ጢሙን የሚያረግፍ ቅጠል ሊፈልግ ሲነሣ፣ እመይቴ ስኂን ጢማቸውን ዳበስ ዳበስ አደረጉና፦
፦ ተወው ልጄ፣ ይሄስ ለብርድ ይሆናል፣ አሉት።

ዕፅዋቱ ግን ከዚያ ለቅሶ በኋላ ፈሩ። «ስማችን ከታወቀማ በቁማችን ሊቀብሩን ነው!» ብለው እግራቸውን መሬት ውስጥ ሸሸጉ። ይኸው እስከ ዛሬ አላወጡትም። የሰፈር ስማቸውን ብትጠሩ ነፋስ ነው ብለው ይወዛወዛሉ እንጂ አይመጡም። የክርስትና ስማቸውንማ የሚያውቁት የተማሩ ሰዎች ናቸው። እነሱም ቢሆኑ፣ ዕፁን አድርቀው፣ በወረቀት ገንዘው፣ አጋድመው ነው ስሙን ከግርጌው የሚጽፉለት።

እኔ ተረቴን አራገፍኩ፣ እናንተ አፌን ሙሉ። ዳቦ ቢሆን ደግ፤ ቆሎም ቢሆን አልጠላ፣ ብቻ ጥርስ የለኝምና አኝካችሁ ስጡኝ!