መርቶ ያሳየው ማን ነው?

ስለ ወንጀልና ስለ ፍርድ ቤት ዘጋቢ ፊልም እየሠራች የምትኖር አንዲት ምላሰኛ ሴት ነበረች። አንድ ቀን ኮማንደር ዘርጋው አስጠሯትና፣ «የእድሩን ድስቶች የሰረቀው ልብስ ሰፊው መንበሩ ነው፤ አምኗል። የደበቀበትን መርቶ ሲያሳየን ትቀርጫለሽ። ሌላ ነገር ብትቀላቅይበት ግን ካሜራሽ እዚሁ ይቀራል» አሏት።

መንበሩ እጁን በካቴና ታስሮ ከፊት ሆነ፤ ሰፈሩም ግልብጥ ብሎ ተከተለ። መንታ መንገዱ ላይ ወደ ቀኝ ሲታጠፍ ኮማንደሩ «በግራ!» ብለው ጮኹ። አንድ በር ላይ ቢቆም «እለፍ፣ ቀጥሎ ያለው ነው!» አሉት። ግቢው ውስጥ ገብቶ ዓይኑን ሲያንከራትት ትዕግሥታቸው አለቀና ራሳቸው ቀድመው የጭዱን ክምር በዱላቸው ገለጡት። ድስቶቹ ብቅ ሲሉ መንበሩ «እሰይ፣ ተገኙ!» ብሎ በካቴናው አጨበጨበ።

ኮማንደሩ ላባቸውን ጠርገው ወደ ሴትዮዋ ዞሩ። «በይ እንግዲህ፣ ሌባው ማን እንደሆነ በሕዝቡ ፊት ተናገሪ!»

«ኧረ እኔ ምን አውቄ ጌታዬ» አለች፤ «ሌባው መርቶ የሚያሳየው ሰው ነው ካሉኝ ግን፣ ካሜራዬ ሲከተል የዋለው እርስዎን ነው።»