አቶ ማንደፍሮ ለፍሬኑ ቱቦ ሲምሉ

አንድ ቀን፣ ቅዳሜ ጠዋት፣ ከደሴ ወደ ኮምቦልቻ መውጫው ላይ ካለችው የይመር ጋራዥ ደጅ አንዲት ነጭ መኪና መጥታ ቆመች። ቆመች ይባል እንጂ የት ቆማ! በሩን አለፈች፣ ጎማ ላይ ተቀምጠው ተራ የሚጠብቁትን ሹፌሮች አስበረገገች፣ የአጥሩን ቆርቆሮ በአፍንጫዋ ሳም አድርጋ ነው የረጋችው።

ባለቤቷ አቶ ማንደፍሮ ናቸው። መኪናዋን የሚጠሯት «ወይዘሪት» ብለው ነው። አርባ ዓመት ያለፋት ወይዘሪት! ቀለሟ ተልጧል፣ አንድ መብራቷ በፕላስተር ተለጥፏል፣ የኋላ በሯ በጉልበት ካልተገፋ አይዘጋም፣ ከተዘጋም በዋዛ አይከፈትም። ቢሆንም እሳቸው ፊት ክፉ የሚናገራት የለም፤ የተናገራት ሰው እስኪመሽ ድረስ ምክር ይጠጣል። አቶ ማንደፍሮ የማያውቁት ነገር የለማ! ሐኪሙን ስለ መርፌ፣ ቄሱን ስለ ቅዳሴ፣ ንብ አናቢውን ስለ ማር ያስተምራሉ። ንብ አናቢው እንኳ አንድ ጊዜ ሰምቷቸው ሲጨርስ «እንግዲያው ንቦቹንም እርስዎ ያነጋግሯቸው» ብሎ ቀፎውን ጥሎላቸው ሄዷል አሉ።

ቁጥብነታቸውማ ሌላ ነው። ቁልቁለት ሲያገኙ ማርሹን አውጥተው፣ ሞተሩን አጥፍተው፣ መኪናዋን በፎሌ ይለቋታል። ቤንዚን ለቁልቁለት ማቃጠል ለእሳቸው ኃጢአት ነው። «ማንደፍሮ ኮምቦልቻ የሚወርደው በእግዜር ነፋስ ነው» ይባልባቸዋል።

የዚያን ዕለት ደግሞ የሚስታቸው የዘርትሁን የእህቷ ልጅ መልስ አለ፤ ኮምቦልቻ። እናም የወይዘሪት የኋላ ወንበር ላይ ሦስት ሴቶች እንደ በርበሬ በማዳበሪያ ተጠቅጥቀዋል። መሀል ላይ አማታቸው እማማ ደብሪቱ፣ በቀኝ ዘርትሁን፣ በግራ ደግሞ ልጃቸው አዝመራ፣ ያን የመሰለ ሹሩባዋን በነጠላ ሸፍና። «ጋቢናው ባዶ ሆኖ ሦስት ሰው ከኋላ ምን አጨናነቀው?» ትሉ ይሆናል። ጋቢናው መች ባዶ ሆነና! የጠጅ ገንቦ ተቀምጦበታል። ያውም ቀበቶ ታስሮለት! በዚያች መኪና ውስጥ ያለችው አንዲት የደኅንነት ቀበቶ የታሰረችው ለገንቦው ነው። ከኋላ ሻንጣው ውስጥ ደግሞ ለመልሱ የሚታረድ ሙክት በግ አለ፤ ጉድጓድ ባለፉ ቁጥር «ባአ!» ይላል።

«አንተ ይመር!» አሉ አቶ ማንደፍሮ ከመኪናው ሳይወርዱ። «ና እስቲ፣ ፍሬኗ ትንሽ ለስለስ ብሏል። ነካ አድርጋትና እንሂድ። ሙሽሮቹ እኛን ነው የሚጠብቁ።»

«ለስለስ!» አለች ዘርትሁን ከኋላ። «እግሩን እስከ ወለሉ ሰዶት ነው እንኳ የቆመችው። ቆርቆሮው ባይኖር ኮምቦልቻ ደርሰን ነበር።»

«አንቺ ዝም በይ፣ ስለ መኪና ምን ታውቂያለሽ!»

ይመር ማዳበሪያ አነጠፈና በጀርባው ተንሸራቶ ከመኪናዋ ሥር ገባ። ገብቶ ያየውን ሲያይ «ላ ኢላሃ ኢለላህ!» አለ። ወደ ኋላ እግሮች የሚሄደው የፍሬን ዘይት ቱቦ፣ ያ ከጣት የቀጠነ ብረት፣ ዝጎ ዝጎ ዓመት የተሰቀለ ቋንጣ መስሏል። አንድ ቦታ ላይ፣ የቆሰለ ጣት ይመስል፣ በጨርቅና በካላማዳሪ ጎማ ቅዳጅ ተጠምጥሟል። ይመር በጥፍሩ ጫር ቢያደርገው ዝገቱ ፊቱ ላይ ረገፈበት፤ ከሥሩም ዘይቱ እንደ ትኩሳታም ሰው ላብ ችፍ ችፍ አለ።

ይመር ደግሞ ወደ ኮምቦልቻ የሚያወርደውን የሐረጎን ቁልቁለት ያውቀዋል። ስንት ዓመት ሙሉ ከዚያ ገደል አፋፍ መኪና ሲጎትት የኖረ ሰው ነው። ይህ ቱቦ የመጀመሪያውን ኩርባ ቢያልፍ ሁለተኛውን እንደማያልፍ እንደ ስሙ ያውቃል። ተጋድሞ ሳለ ከበላዩ የእማማ ደብሪቱ ሳል ይሰማዋል፤ አዝመራ አያቷን ስትስቅባቸው ይሰማዋል። «እነዚህን ሰዎች ዛሬ ከዚህ ደጅ ከለቀቅሁ፣ ነገ ለቀብራቸው ድንኳን ተካዩ እኔው ነኝ» አለ በሆዱ።

ከሥር ወጣና አቧራውን አራገፈ። «ጋሼ ማንደፍሮ፣ ቱቦው አልቋል። የፊቱም የኋላውም መቀየር አለበት። አሁን ብጀምር እስከ ስምንት ሰዓት አደርስልዎታለሁ።»

«አልቋል?» አቶ ማንደፍሮ ይኼኔ ወረዱ። «ምኑ ነው ያለቀው? ብረት እኮ ነው! ብረት ያልቃል እንዴ፣ ሳሙና ነው?»

«ዝጓል ጋሼ።»

«ዝገት ማለት እኮ የብረት ጋቢ ነው። ብርድ እንዳይገባው አምላክ የሰጠው። ይኼን አያስተምሯችሁም?»

«እንግዲያው ዘይቱ ጋቢውን አልፎ እየወጣ ነው። ይህን ጨርቅስ ማን ጠመጠመው?»

«እኔ ነኛ! ከፋሲካ ጀምሮ ይዟል። ጠብ ያለ ነገር የለም።»

«ጠብ ያለ ነገር የለም?» አለች ዘርትሁን። «በየሳምንቱ ዘይት የምትጨምርላት ለምንድን ነው ታዲያ?»

«ስለምትጠጣ ነዋ! ዕድሜው ሲገፋ የማይጠማው ማን አለ?»

ጎማ ላይ የተቀመጡት ሹፌሮች እርስ በርስ ተጎሻሸሙ። ተራችን ዘገየ ብለው ሲያጉረመርሙ የነበሩት ሰዎች አሁን ተራቸውን ረስተዋል።

ይመር በሌላ በኩል ሊገባ ሞከረ። «ባይሆን ሰዎቹ በአውቶቡስ ይሂዱ፣ እርስዎ ከሰዓት ይድረሱባቸው።»

«በአውቶቡስ! መኪና ያለው ሰው ቤተሰቡን በአውቶቡስ ይልካል? አማቾቼ ምን ይሉኛል?»

«እሺ፣ ቢያንስ ፎሌውን ይተዉትና በከባድ ማርሽ ይውረዱ።»

«ቤንዚን ለገደል ልገብር? ስማ ይመር፣ እኔ መሪ የያዝሁት አንተ ጡት ሳትጥል ነው። ፍሬን የፈሪ ነገር ነው። ጎበዝ ሹፌር በዓይኑ ነው የሚያቆም። በል አሁን ያችን ብሎን ጠበቅ አድርጋት፣ ከላይ ጎማውን ደገም አድርገህ ጠምጥም፣ አለቀ!»

ይመር አያቸው። እኚህን ሰው በክርክር የሚያሸንፍ አልተወለደም። ዝም ቢላቸው ይሄዳሉ። ቁልፍ ቀምቶ አይደብቅ ነገር የሰው መኪና ነው። ከኋላ መስኮት ሦስት ፊት ያየዋል፤ የዘርትሁን ዓይን «እባክህ» ይላል።

የይመር ጋራዥ አንድ ደንብ አላት፤ አገሩ በሙሉ ያውቃታል። «ይህ ይቀየር» ተብሎ እምቢ ያለ ሰው ወረቀት አይፈርምም። ሰው ፊት ይምላል። ይመር «ፊርማ ይካዳል፣ መሐላ ግን እንቅልፍ ይነሳል» ይላል።

«አብሽሩ ጋሼ» አለ ታዲያ፣ ፊቱን ፈታ አድርጎ። «እርስዎ እንዳሉ እጠመጥመዋለሁ። ደንቤን ግን ያውቃሉ። ይህ ቱቦ ሐረጎን ያወርዳል ብለው፣ እዚህ ሰዎች ፊት ይማሉልኝ።»

«ይህቺ ናት?» አቶ ማንደፍሮ ኮታቸውን ሳብ ሳብ አደረጉ። «ዘርትሁን ትሙት ያወርዳል!»

የዘርትሁን አንገት በመስኮት ብቅ አለ። «ምን? ምን አደረግሁህ አንተ ሰውዬ?»

«መሐላ እኮ ነው! በሚወዱት አይደል የሚማል? ደስ ይበልሽ እንጂ።»

«ደስታውን ለራስህ ያዘው!»

ይመር ራሱን ወዘወዘ። «እትዬ ዘርትሁንን እንደሚወዷት አገር ያውቃል። ግን እንጃ፣ እጄ አልታዘዝ አለኝ። ትንሽ ጠበቅ ያድርጉልኝ።»

«እማማ ደብሪቱ ይሙቱ!» አሉ አቶ ማንደፍሮ፣ በሁለት እጥፍ ድምፅ።

«ሰማችሁልኝ?» አሉ እማማ ደብሪቱ ከመሀል ሆነው፣ ወዲህ ወዲያ መዞር እንኳ አቅቷቸው። «ሰማችሁልኝ ወይ፣ በኔ ሲደርስ ጉሮሮው እንዴት እንደተከፈተ!»

«ይኼማ መሐላ አይደለም፣ ስለት ነው!» አለ አንዱ ሹፌር። ጎማዎቹ ላይ ያለው ሰው በሙሉ በሳቅ ተንከባለለ።

አቶ ማንደፍሮ ሳቁ አሳበዳቸው። ጆሯቸው እስኪቀላ ድረስ ተቆጡና ጣታቸውን ወደ ሰማይ ቀሰሩ። «አዝመራ ትሙት! አንድ ልጄ ትሙት! ከዚህ በላይ ምን ልማልልህ?»

ሳቁ ቀጥ አለ። ልጅቱ «አባዬ!» ብላ ነጠላዋን ወደ አፏ አስጠጋች። ሰውየው ልጃቸውን አይወዱም ማለት አይደለም፤ ለእሷ ሲሉ ተራራ ይገፋሉ። ግን «አላወቅሁም» ከማለት ልጅን በመሐላ መግደል የሚቀልላቸው ሰዎች አሉ አይደል? እንደነሱ ናቸው።

ዘርትሁን ግን ነደደች። በሩን ልትከፍት ብትገፋ ያ የተረገመ በር እምቢ አላት፤ በመስኮቱ እስከ ወገቧ ወጣች። «እንግዲህ እኛ አለቅን! ሦስታችንንም ፈጀኸን! የቀረህ በጉ ነው፤ በል በበጉ ማል!»

«ካሻችሁ በጉም ይሙት!»

«ባአ!» አለ ከሻንጣው ውስጥ።

«እሱስ ይሙት ባትለውም አይቀርለት» አሉ እማማ ደብሪቱ። «እኛ ግን ቢላዋ የተሳለልን አልመሰለንም ነበር።»

ሹፌሮቹ እንደገና ፈነዱ። አንዱ ጎማው አሾልኮት መሬት ላይ ተቀመጠ። አቶ ማንደፍሮ በዚህ ሁሉ ሳቅ መሀል እንደ ምሰሶ ቆመው ወደ ይመር ዞሩ። አሁን አሸንፈዋል፤ ሰው ከዚህ ወዲያ ምን ሊጠየቅ ይችላል?

«አሁንስ ረካህ? ሚስቴን ሰጠሁህ! አማቴን ሰጠሁህ! ልጄን ሰጠሁህ! በጌን ጨመርሁልህ! ከዚህች መኪና ውስጥ ያልማልሁበት ምን ቀረህ? ተናገር!»

ይመር አልቸኮለም። ጨርቁን አነሳና እጁን ጠረገ፣ አንድ አንድ ጣቱን። ወደ መኪናዋ ተጠግቶ ጎንበስ አለና የኋላውን ወንበር ተመለከተ። ሻንጣውን መታ መታ አደረገ። ጋቢናውን፣ ቀበቶ ታጥቆ የተቀመጠውን ገንቦ አየ። መጨረሻ ላይ ዓይኑ መሪው ጋ ያለው ባዶ ወንበር ላይ አረፈ።

«እውነትዎን ነው ጋሼ» አለ። «የተሳፈረው በሙሉ ተምሎበት አልቋል። የቀረው ሹፌሩ ብቻ ነው። አንዴ ‹እኔ ልሙት› ይበሉልኝና፣ ጠምጥሜ እሸኝዎታለሁ።»

ሹፌሮቹ ከየጎማቸው ተነሥተው ቀረብ አሉ። በጉም ዝም አለ።

አቶ ማንደፍሮ አፋቸውን ከፈቱ። «እኔ…» አሉ። መሪውን አዩት። ቁልቁል ጭጋግ የለበሰውን የሐረጎን ገደል አዩት። «እኔ…» አሉ ደግመው። ዘርትሁን በመስኮት ተንጠልጥላ አፍ አፋቸውን ታያለች። ከዚያ እጃቸው ቀስ ብሎ ኮት ኪሳቸው ገባ፣ ቁልፉን ይዞ ወጣ፣ የይመር መዳፍ ላይ አስቀመጠው።

«እኔ ልሙት» አሉ አቶ ማንደፍሮ፣ «ይኼስ ቱቦ አልቋል!»