ያልታየችው ዓለምና ያልታየው ሙሽራ

አንድ ቀን፣ እሑድ ከቤተ ክርስቲያን መልስ፣ ጋሽ ወንድይፍራው ሁለት ሽማግሌዎች አስከትለው ዶክተር አጥናፉ ቤት ሄዱ። እንደ ልጃቸው ላሳደጉት ለይትባረክ የዶክተሩን ልጅ ማኅደርን ሊጠይቁ ነው። እንደ ወጉ ልጁ አብሯቸው አልመጣም፤ እንደ ወጉም «ጉዳያችን እሺ ሳይባል አንቀመጥም» ብለው ቆሙ። ጋሽ ወንድይፍራው ይህን ሲሉ ጉልበታቸውን አላማከሩም ነበር።

የዶክተሩ ሥራ ደግሞ ከፀሐያችን ማዶ ለሰው ኑሮ የምትመች ዓለም መፈለግ ነው፤ ስለሱ ካነሱ ማቆሚያ የላቸውም። እንግዶቹ ጉዳያቸውን ሳይናገሩ ዶክተሩ ሰሞኑን ስለተገኘች አንዲት ዓለም ይተነትኑላቸው ጀመር። ውሃ ሳይኖራት አይቀርም፣ ሙቀቷም ለሰው ይስማማል።

«አይተዋታል?» አሉ ጋሽ ወንድይፍራው፣ አንዱን እግራቸውን እያሳረፉ።

«እሷማ አትታይም። በኮከቧ ፊት ስታልፍ የኮከቧ ብርሃን ትንሽ ይቀንሳል፤ ከዚያ ተነስተን እናሰላለን። አንዴ ከሆነ እንጠራጠራለን፣ ሦስቴ ከደገመ ግን ማስረጃ ነው።»

«ደግ» አሉ ጋሽ ወንድይፍራው። ማኅደር ከአባቷ ጀርባ የጓዳውን መጋረጃ ገለጥ አድርጋ መቆሟን አይተዋል። «እኛን የላከን ይትባረክ ነው። ይትባረክ ጨዋ ነው፣ ሠርቶ አዳሪ ነው። ማኅደርን ለይትባረክ ይስጡልን።»

ዶክተሩ ግንባራቸውን ቋጠሩ። «በዓይኔ ላላየሁት ሰው ልጄን? መልኩን አላውቅ፣ ዘሩን አላውቅ። እኔ በማስረጃ የማምን ሰው ነኝ።»

ሁለቱ ሽማግሌዎች አንገታቸውን ደፉ። ጋሽ ወንድይፍራው ግን ለዚያ ልጅ «እምቢ አሉ» ብሎ መንገር ከጉልበታቸው ይበልጥ አመማቸው።

«ዶክተር፣» አሉ ረጋ ብለው፣ «ያቺን ዓለም ማንም አላያትም። ኮከቧ ሦስቴ ስለደበዘዘች ብቻ ለሰው ትመቻለች አሉን፣ እኛም አመንን። እኔም አሁን የልጁን ስም ሦስቴ ጠራሁ። የእርስዎዋ ኮከብ ደበዘዘች፤ ከኋላዎ የቆመችው ኮከብ ግን ሦስቴም ቦግ አለች። ከተጠራጠሩ ዞር ይበሉና አራተኛውን ራስዎ ይመልከቱ፤ ይትባረክ።»

ዶክተሩ ዞሩ። ማኅደር ፊቷ እንደበራ መጋረጃውን ለመልቀቅ ዘገየች።

 ዶክተሩ አንድ ወንበር ለጋሽ ወንድይፍራው ሳብ አደረጉና፣ «በሉ ተቀመጡ» አሉ።